ሜሽ ዋይፋይ ተገዝቶም መኝታ ቤት እምቢ ካለ፦ ከሞደሙ እስከ ሰርቪስ ቤት፣ ደረጃ በደረጃ

ባለ 3 ፍሬ ሜሽ (ተያይዘው አንድ ዋይፋይ በቤቱ ሁሉ የሚያሰራጩ ዕቃዎች) ተገዝቶ፣ ሁሉም ተሰክቶ፣ መብራቱ አረንጓዴ ሆኖ፣ ፎቅ ላይ ግን ዩቲዩብ የሚሽከረከርበት ቤት ብዙ አይቻለሁ። ዕቃው ተበላሽቶ አይደለም። ብዙ ጊዜ ጥፋቱ ፎቅ ላይ የሚወጣው ፍሬ የተቀመጠበት ቦታ ነው። ካልሆነም ከሞደሙ ጋር የተያያዘበት መንገድ ነው። እነዚህ ሁለቱ ላይ ረዘም አድርጌ እቆያለሁ፤ ሌላውን ቶሎ ቶሎ እናልፋለን።

ምሳሌ የማደርገው አዲስ አበባ ያለ፣ ፋይበር የገባለት፣ በብሎኬት የተሠራ ጂ ፕላስ 2 ቤት ነው። ዕቃው ቲፒ-ሊንክ ዴኮ ነው። ቴንዳ፣ መርኩሲስ ወይም ሌላ ከሆነ የሜኑው ስም ይለያል እንጂ ቅደም ተከተሉ ያው ነው።

ከሞደሙ ጋር በገመድ የሚያያዘውን «ዋናው» እለዋለሁ። ሌሎቹን «ረዳት» እላለሁ፤ እንደ ታክሲ።

## ከመግዛታችሁ በፊት

ባለ አንድ ወይም ባለ ሁለት መኝታ ኮንዶሚኒየም ውስጥ የምትኖሩ ከሆነ ሜሽ ላያስፈልጋችሁ ይችላል። መጀመሪያ ሞደሙን ከብፌው ጀርባ ወይም ከቴሌቪዥኑ ሥር አውጡትና ከፍ ያለ ግልጽ ቦታ ላይ አድርጉት። ዳንቴሉንም አንሱለት። ይሄ ብቻ የበቃው ሰው አውቃለሁ።

ሁለተኛ፣ ሜሽ ያለውን ያከፋፍላል እንጂ አይጨምርም። የ10 ሜጋ ፓኬጅ ያለው ሰው 10 ፍሬ ቢደረድርም 10 ሜጋ ነው የሚያገኘው።

ሳጥኑ ላይ የተጻፈውን የካሬ ሜትር ስፋት አትመኑ። ቁጥሩ የእናንተን ብሎኬትና ሶሌታ አያውቅም። የእኛ ሶሌታ በፌሮ የታሰረ ኮንክሪት ነው፤ ሲግናል በጣም ይበላል። ለጂ ፕላስ 1 በ2 ፍሬ፣ ለጂ ፕላስ 2 በ3 ፍሬ ጀምሩ። ካነሰ በኋላ መጨመር ይቻላል።

ከአሜሪካ ዘመድ የላከላችሁ ዕቃ ከሆነ አዳፕተሩን አንብቡ። «100-240» ቮልት የሚል ከሆነ 220 ላይ ይሠራል፤ የሚያስፈልገው የሶኬት መቀየሪያ ብቻ ነው። «120» ብቻ የሚል ከሆነ እንዳትሰኩት። ያገለገለ ዕቃ ከሆነ ደግሞ የቀድሞው ባለቤት ከራሱ አካውንት ላይ እንዲያስወጣው አድርጉ። በተለይ ኢሮ የሚባለው የሜሽ ዓይነት በሰው አካውንት እንደታሰረ አዲስ ሰው አይቀበልም።

## ደረጃ 1፦ ሞደሙን ብቻውን ለኩ

1. ላፕቶፕ በላን ገመድ ከሞደሙ ጋር አያይዙ። የላፕቶፑን ዋይፋይ አጥፉ።
2. ፋስት ዶት ኮም ከፍታችሁ ፍጥነቱን ለኩ። ቁጥሩን ጻፉት፤ በኋላ እንፈልገዋለን።
3. ላፕቶፕ ከሌለ በሞባይል ከሞደሙ 2 ሜትር ርቃችሁ ለኩ። የሞባይል ዳታ መጥፋቱን አረጋግጡ።

25 ሜጋ ገዝታችሁ በገመድ 6 ሜጋ ካያችሁ እዚሁ ቁሙ። ችግሩ ከቤታችሁ ዋይፋይ በፊት ነው። ሞደሙ ላይ «ኤልኦኤስ» የሚለው መብራት ቀይ ከሆነ ደግሞ የፋይበሩ መስመር ተቋርጧል ማለት ነው፤ 994 ደውሉ። ሜሹን ነካክታችሁ የምታስተካክሉት ነገር የለም።

ማስጠንቀቂያ፦ ሞደሙ ላይ ያለችውን ትንሿን የሪሴት ቀዳዳ አትንኩ። ኢንተርኔቱን የሚያስገባው የአካውንት ስምና የይለፍ ቃል ብዙ ጊዜ እዚያ ውስጥ ነው የተሞላው። ሪሴት ሲደረግ ሊጠፋ ይችላል፤ ከዚያ በኋላ ቴክኒሻን መጠበቅ ነው። ቀጭኑን የፋይበር ገመድም አትጠፉት፣ በምስማር አትቸንክሩት። ውስጡ መስታወት ነው።

## ደረጃ 2፦ የሚያስፈልገውን አዘጋጁ

የሜሹን መተግበሪያ በሞባይላችሁ ቀድማችሁ አውርዱና አካውንት ክፈቱ። መሀል ላይ ኢንተርኔት ስታጠፉ ማውረጃ ታጣላችሁ። ብሉቱዝና ሎኬሽን ክፈቱ፤ መተግበሪያው ዕቃውን የሚያገኘው በእነሱ ነው።

ከሞደሙ ሥር የተለጠፈውን ወረቀት ፎቶ አንሱ። የመግቢያው አድራሻ፣ ስምና የይለፍ ቃል እዚያ አለ። አድራሻው አብዛኛውን ጊዜ 192.168.1.1 ወይም 192.168.100.1 ነው።

አንድ ረጅም ገመድ ያለው ዲቫይደርም ያዙ። ቦታ ለመሞከር ነው።

## ደረጃ 3፦ የረዳቱን ቦታ ፈልጉ

ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። እኔም ተሳስቻለሁ። የመጀመሪያ ቀን ረዳቱን ወስጄ ዋይፋይ ጭራሽ የማይደርስበት ሰርቪስ ቤት ውስጥ ሰካሁት። ሞባይሌ ላይ ጭረቱ ሙሉ ሆነ። ደስ ብሎኝ ቡና ጠጣሁ። ከዚያ ቪዲዮ ከፈትኩ፤ እምቢ።

ጭረቱ የሚያሳየው ከሞባይሉ እስከ ረዳቱ ያለውን ብቻ ነው። ረዳቱ ራሱ ከዋናው ምንም እየደረሰው አልነበረም። ውሃ የማይወጣበት ፎቅ ላይ ሮቶ እንደመስቀል ነው። ሮቶው ትልቅ ነው፣ ቧንቧው አዲስ ነው፣ ውስጡ ግን ባዶ ነው።

ስለዚህ ረዳቱ የሚቀመጠው ዋይፋይ በጠፋበት ክፍል ሳይሆን ሊጠፋ ሲል፣ ገና ጥሩ ሆኖ ባለበት ቦታ ነው። እንዲህ ፈልጉት፦

1. የሞባይል ዳታ አጥፉ። ከሞደሙ ዋይፋይ ጋር ተያያዙ።
2. ከሞደሙ ተነስታችሁ ችግር ወዳለበት ክፍል በዝግታ ሂዱ። በየ5 እርምጃው ቁሙና ለኩ።
3. አንድሮይድ ከሆነ «ዋይፋይ አናላይዘር» የሚባል መተግበሪያ ጫኑ። የሚያሳየው የሲግናል ቁጥር ከዜሮ በታች ነው፤ ወደ ዜሮ የቀረበው ይሻላል። -50 በጣም ጥሩ ነው። -60 ጥሩ ነው። -70 ደካማ ነው። -80 ካያችሁ የለም በሉት። አይፎን ከሆነ «ኤርፖርት ዩቲሊቲ» በሚባለው የአፕል መተግበሪያ ውስጥ ይህንን የሚያሳይ ስካነር አለ፤ ከስልኩ ሴቲንግ ውስጥ መክፈት ያስፈልጋል።
4. ቁጥሩ ከ-60 እስከ -65 በሆነበት ቦታ ቁሙ። የረዳቱ ቦታ እዚያ አካባቢ ነው።
5. መተግበሪያ መጫን ካስጠላችሁ በፍጥነት ለኩ። በደረጃ 1 ከጻፋችሁት ቁጥር ቢያንስ ግማሹ የሚገኝበትን የመጨረሻ ቦታ ያዙ።

ፎቅ ላላቸው ቤቶች አንድ ነገር ልንገራችሁ፤ መወጣጫ ደረጃው ጓደኛችሁ ነው። ሶሌታው ሲግናሉን ሲዘጋ የደረጃው ክፍተት ያሳልፈዋል። ዋናው ምድር ቤት ሳሎን ከሆነ የመጀመሪያውን ረዳት አንደኛ ፎቅ ደረጃው አናት ኮሪደር ላይ አድርጉ። መኝታ ቤት ጥግ አታስገቡት። ሁለተኛው ፎቅ ላይም እንዲሁ።

የሚሸሹ ቦታዎች፦ ፍሪጅ ጀርባ፣ ባለ መስታወት ቁምሳጥን አጠገብ፣ የብረት በር ጥግ፣ ማይክሮዌቭ ላይ፣ ከኮርኒስ በላይ ቆርቆሮ ሥር። ዋይፋይ በሁለት ሞገድ (ባንድ) ይሠራል፤ 2.4 እና 5 ጊጋ ኸርዝ። ማይክሮዌቭ ሲሠራ 2.4ቱን ይረብሻል። ቆርቆሮ ሥር ደግሞ ቀን ቀን ሙቀቱ ዕቃውን ይጎዳል። መሬት ላይም አታስቀምጡ፤ ከወገብ በላይ ይሁን።

## ደረጃ 4፦ ዋናውን አስነሱ

1. ዋናውን ከሞደሙ «ላን 1» ጋር በአጭር ገመድ አያይዙ።
2. መብራት ስጡት። ዴኮ ላይ ሰማያዊ ብልጭ ብልጭ ሲል ዝግጁ ነው።
3. መተግበሪያውን ክፈቱና የሚላችሁን ተከተሉ።
4. የኢንተርኔት ዓይነት ሲጠይቃችሁ «ዳይናሚክ አይፒ» የሚለውን ምረጡ።

አራተኛው ላይ ብዙ ሰው «ፒፒፒኦኢ» (በአካውንት ስምና በይለፍ ቃል የሚገባበትን) ይመርጥና የሌለውን የይለፍ ቃል ሲፈልግ ይውላል። የፋይበር ሞደሙ ያንን ሥራ ጨርሶላችኋል። ሜሹ ከሞደሙ የሚፈልገው አድራሻ ብቻ ነው።

5. ስምና የይለፍ ቃል ሲጠይቅ ለጊዜው አዲስ ስም ስጡት። የድሮውን ስም አሁን አትስጡ። ስሙን በላቲን ፊደል ጻፉት፤ አሮጌ ቴሌቪዥንና ፕሪንተር የእኛን ፊደል ሲያዩ የተዘበራረቀ ነገር ያሳያሉ።
6. ሞባይሉን ከአዲሱ ስም ጋር አያይዙና ለኩ። ከደረጃ 1 ቁጥር ጋር መቀራረብ አለበት።

መሀል ላይ «ዕቃው አልተገኘም» ካለ፦ የሞባይል ዳታውን አጥፉ። ስልኩ «ይሄ ዋይፋይ ኢንተርኔት የለውም» ብሎ በራሱ ወደ ዳታ ይሄዳል፤ ያኔ መተግበሪያው ዕቃውን ያጣዋል። ካልሆነ የሜሹን ሪሴት ተጭናችሁ እንደገና ጀምሩ። የሜሹን ነው ያልኩት፤ የሞደሙን አይደለም።

## ደረጃ 5፦ አክሰስ ፖይንት ሞድ ላይ አድርጉት

ሜሹ ከሳጥን ሲወጣ ራሱን እንደ ራውተር፣ ማለትም ለቤቱ ዕቃዎች አድራሻ እንደሚሰጥ ዕቃ፣ ነው የሚያየው። ሞደሙም ራውተር ነው። ሁለት ራውተር ተደራርቦ ኢንተርኔት ይሠራል፤ ዩቲዩብም ቴሌግራምም አይከለክልም። ግን በሞደሙ ላይ በገመድ ያለው የካሜራ መቅጃ ከስልካችሁ ላይ ሊጠፋባችሁ ይችላል። ፕሪንተሩም «የለሁም» ይላል። አንዳንድ ጌምም ያስቸግራል።

መፍትሔው ሜሹን አክሰስ ፖይንት ማድረግ ነው። ያኔ አድራሻ የሚሰጠው ሞደሙ ብቻ ይሆናል፤ ሜሹ ዋይፋይ ማሰራጨት ብቻ ይሠራል።

1. ዴኮ ላይ «ሞር»፣ «አድቫንስድ»፣ «ኦፕሬሽን ሞድ» ግቡ።
2. «አክሰስ ፖይንት» ምረጡና አስቀምጡ። ዕቃው ጠፍቶ ይነሳል፤ 2 ወይም 3 ደቂቃ ጠብቁ።

በለውጡ የምታጡት ነገር አለ። የልጆች መቆጣጠሪያና የፍጥነት ማከፋፈያ የመሳሰሉት ሊቀሩ ይችላሉ። ለእነሱ ብላችሁ ከገዛችሁት በራውተር ሞድ ተዉት፤ ካሜራውንና ፕሪንተሩን ግን ከሞደሙ ነቅላችሁ ወደ ሜሹ አዙሯቸው። ጉግል ዋይፋይ ወይም ኔስት ዋይፋይ ከሆነ ደግሞ ምርጫ የላችሁም። ከአንድ ፍሬ በላይ ሲሆን ዋናው ራውተር ሆኖ መቅረት አለበት።

እኔ ለአብዛኛው ቤት አክሰስ ፖይንት ነው የምለው። ብዙ የሚያጣላ ነገር ያስቀራል።

## ደረጃ 6፦ የሞደሙን ዋይፋይ አጥፉ

ይህ ካልተደረገ ሜሽ መግዛታችሁ ከንቱ ነው። ስልክ ግትር ነው። የሞደሙን ዋይፋይ አንዴ ከያዘ አንድ ጭረት እስኪቀረው ድረስ አይለቅም፤ አጠገቡ ረዳት ቢኖርም።

1. ከሜሹ ጋር ተያይዛችሁ የሞደሙን አድራሻ ብራውዘር ላይ ጻፉ።
2. «ደብሊውላን» (ዋይፋይ ማለት ነው) የሚለው ውስጥ ገብታችሁ 2.4ቱንም 5ቱንም አጥፉ። ሁለቱን ነው። 2.4ቱን ብቻ አጥፍቶ የሚረሳ ብዙ ነው።
3. መግባት ካልተፈቀደላችሁ የሞደሙን ጎን እዩ። ብዙዎቹ ላይ «ደብሊውላን» የሚል ቁልፍ አለ፤ ተጫኑት፤ የዋይፋዩ መብራት ይጠፋል።
4. አሁን የሜሹን ስምና የይለፍ ቃል ወደ ድሮው ቀይሩ። ቴሌቪዥኑም፣ የእናት ስልክም፣ የካሜራውም ነገር ማንም ሳይነካቸው ተመልሰው ይያያዛሉ።

ፊደሉ ትልቅና ትንሹ ሳይቀር አንድ ይሁን።

## ደረጃ 7፦ ረዳቶቹን ጨምሩ

ረዳቶቹን በመጨረሻው ቦታቸው ላይ አትጀምሯቸው። ዋናው ካለበት ሳሎን ውስጥ፣ 2 ወይም 3 ሜትር ርቀት ላይ ሰክታችሁ በመተግበሪያው ጨምሯቸው። መብራታቸው ጥሩ ሲሆን ነቅላችሁ ወደ ቦታቸው ውሰዱ። እንደገና ሲነሱ ዋናውን ራሳቸው ይፈልጋሉ።

መጀመሪያ በዲቫይደሩ አስረዝማችሁ ሞክሩ። ለኩ። አንድ ሜትር ወደ ደረጃው ጠጋ አድርጋችሁ እንደገና ለኩ። አንዳንዴ አንድ ሜትር ፍጥነቱን እጥፍ ያደርገዋል፤ የኮንክሪቱን ኮለን ማለፍ ነው ነገሩ።

## ደረጃ 8፦ ገመድ መሳብ ከቻላችሁ ሳቡ

በአየር የሚገናኝ ረዳት በተለይ ባለ ሁለት ባንድ ከሆነ ፍጥነቱ ግማሽ ገደማ ይወርዳል። በአንዱ እጁ እየተቀበለ በዚያው እጁ ነው የሚሰጠው። ለሰርቪስ ቤትና ለሁለተኛ ፎቅ ገመድ የሚያክል የለም።

ግድግዳ አትቆፍሩ። ብዙ ቤት ለዲሽ ገመድ የተቀበረ የፕላስቲክ ቱቦ አለ። የማትጠቀሙበትን የዲሽ ገመድ ጫፍ ከአዲሱ ካት 6 የላን ገመድ ጋር በስኮች አጥብቃችሁ እሰሩና ከወዲያኛው ጫፍ አንድ ሰው ይሳብ፣ ከዚህ አንድ ሰው ይግፋ። የመብራት መስመር ባለበት ቱቦ ውስጥ ግን አታስገቡ።

ገመድ ስትገዙ ጫፉን ልጡና ሽቦውን በምላጭ ፋቅ አድርጉ። ውስጡ ነጭ ብረት ከሆነ በመዳብ የተለበጠ አሉሚኒየም ነው፤ ተዉት። ሙሉ መዳብ ውሰዱ። ርዝመቱ ከ100 ሜትር አይለፍ።

የገመዱን ጫፍ ራሳችሁ የምታስሩ ከሆነ የፕላስቲክ መሰኪያውን ምላስ ወደ ኋላ፣ ወርቃማ ጥርሶቹን ወደ እናንተ አዙራችሁ ያዙት። ከግራ ወደ ቀኝ፦ ነጭ-ብርቱካናማ፣ ብርቱካናማ፣ ነጭ-አረንጓዴ፣ ሰማያዊ፣ ነጭ-ሰማያዊ፣ አረንጓዴ፣ ነጭ-ቡናማ፣ ቡናማ። በሁለቱም ጫፍ ያው ነው። ሰማያዊው በሁለቱ አረንጓዴዎች መሀል ሲገባ ግር ይላል፤ ትክክል ነው፤ አታስተካክሉት።

ረዳቱን መጀመሪያ በአየር ጨምሩ፣ ከዚያ ገመዱን ሰኩ። ለአንድ ረዳት አንድ ገመድ ብቻ። ሁለት ገመድ ከሞደም ወደ አንዱ ዕቃ ከገባ ኔትወርኩ በራሱ ላይ ይዞርና የቤቱ ሁሉ ኢንተርኔት ይቆማል።

በግቢ ላይ ወደ ሰርቪስ የሚያልፍ ገመድ ለውጭ የተሠራ ይሁን ወይም ቱቦ ይልበስ። ክረምት ላይ መብረቅ ሲበዛ ሁለቱንም ጫፍ ንቀሉ።

## ደረጃ 9፦ መብራት ሲጠፋ

ለሞደሙና ለዋናው ሚኒ ዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ የሚያስቀጥል ትንሽ ባትሪ) ግዙ። ከመግዛታችሁ በፊት የሁለቱን አዳፕተር አንብቡ። ብዙዎቹ 12 ቮልት ናቸው፤ 9 ቮልት የሚፈልግ ዕቃ ላይ 12 ከሰካችሁ ያቃጥላል። አምፔሩን ደምሩና ዩፒኤሱ ከዚያ በላይ የሚሰጥ ይሁን።

ረዳቱ ዩፒኤስ ከሌለው ፎቁ ይጠፋል፤ ሳሎን ይሠራል። ይሄ ብልሽት አይደለም።

የሶፍትዌር ማሻሻያ ሲጠይቃችሁ መብራት የሚሄድ የሚመጣበት ሰዓት ላይ እሺ አትበሉ። መሀል ላይ ከጠፋ ዕቃው ሊሞት ይችላል።

## እምቢ ሲል

መብራት ከመጣ በኋላ ዋናው ቀይ ሆኖ ቀረ። ሜሹ ከሞደሙ ቀድሞ ተነስቶ አድራሻ ሳያገኝ ቀርቷል። ዋናውን ንቀሉ። ሞደሙ እስኪረጋጋ 3 ደቂቃ ጠብቁና ሰኩት።

ረዳቱ ቀይ ብልጭ ብልጭ ይላል። ከዋናው ርቋል። ወደ ደረጃው አቅርቡት። ሳሎን ውስጥም ያው ከሆነ ከመተግበሪያው አውጡትና ሪሴት አድርጋችሁ እንደ አዲስ ጨምሩት።

አሮጌው ፕሪንተር ወይም ካሜራ ዋይፋዩን አያይም። ብዙዎቹ 2.4 ብቻ ናቸው። ለሚያያይዙበት 5 ደቂቃ 5 ጊጋ ኸርዙን አጥፉና መልሱት። የይለፍ ቃሉን አልቀበልም ካሉ ጥበቃውን ከ«ደብሊውፒኤ 3» ወደ «ደብሊውፒኤ 2» አውርዱ።

በገመድ ያለው ረዳት ከ95 ሜጋ አያልፍም፣ ፓኬጁ ግን ከዚያ በላይ ነው። ከ8ቱ ሽቦ አንዱ አልያዘም፣ ወይም የሞደሙ ያ ቀዳዳ የ100 ሜጋ ነው። ቀዳዳውን ቀይሩ። ያው ከሆነ ጫፉን ቆርጣችሁ እንደገና እሰሩ።

ምጣድ ሲሰካ ዋይፋይ ይጠፋል። ምጣዱ ሲነሳ ቮልቴጁ ይወርዳል፤ ዕቃው ይጠፋና ይነሳል። ሚኒ ዩፒኤሱ ይሄንንም ይፈታል።

በየቀኑ ማታ አንድ ሰዓት ላይ ፎቁ ላይ ይጠፋል። ይሄ እኛ ቤት ለሁለት ሳምንት አስለቅሶኛል። ቻናል ቀየርኩ፣ ሪሴት አደረግኩ፣ ሻጩ ጋ ደወልኩ። አንድ ምሽት ደረጃውን ስወጣ እህቴ ረዳቱን ነቅላ ካውያ ሰክታ አገኘኋት፤ የነገ ዩኒፎርም ትተኩሳለች። ሶኬቱ ላይ «አይነቀልም» የሚል ወረቀት ለጥፉ። ለካውያውም ሌላ ሶኬት ፈልጉለት።